ከሰልፉ የወጣው ሰው

ማክሰኞ፣ ጥር 6

መብራት እስከ አምስት ሰዓት አልነበረም። ከሚሴ፣ ባህል ቢሮ ቁጭ ብለን ተያየን። ሲመጣ አለቃችን አንዋር ጠረጴዛዬ ላይ ፍላሽ አስቀመጠ።

"አዲስ አበባ ያለ ተመራማሪ ነው የላከው። የድሮ ፊልም ነው፣ ጨፋ ሜዳ ላይ የተነሳ ሳይሆን አይቀርም ይላል። እስኪ እይው ሳቢራ፣ የሰነድ ሥራ ያንቺ ነው።"

ነገ አልኩት። የወረዳዎቹን የቅርስ ቅጽ ጨርሼ ማስረከብ ነበረብኝ። ሁለቱ ወረዳዎች የላኩት ባዶ ቅጽ ነው። ማህተም አለው፣ ጽሑፍ የለውም። ምን ተብሎ ይመለስላቸዋል?

ስወጣ ባጃጅ ጠፋ። በእግሬ ሄድኩ። እማ ጉልበቷን አሟት ጠበቀችኝ። ቅባት አሸሁላት።

ረቡዕ፣ ጥር 7

አየሁት። አስራ አንድ ደቂቃ ከአርባ ሰከንድ። ጥቁርና ነጭ። ርእሱ ተቆርጧል። ተናጋሪው የድሮ ሬዲዮ አማርኛ ነው የሚናገረው፣ ሁሉንም ነገር እንደ አዋጅ ያነበዋል። መስከረም 1950። አገሩ ለመጀመሪያ ጊዜ ለምክር ቤት ሰው የመረጠበት ጊዜ።

"ሕዝቡም በታላቅ ደስታ ድምፁን ሰጠ" ይላል። ሕዝቡ ደስ ያለው አይመስልም። ፀሐይ ፊት ለፊት ነው፣ ዓይናቸውን አጥብበው ነው የቆሙት።

ቦታው ጨፋ ነው። ከኋላ ያለውን ተራራ ማን ይሳሳተዋል? ማሽላው ከሰው በላይ ቆሟል። ረጅም ሰልፍ... ወንዶች በአንድ በኩል፣ ጥቂት ሴቶች በሌላ። ጨርቅ የለበሰ ሳጥን። ከጎኑ ጠረጴዛ፣ ኮት የለበሰ ጸሐፊ። ሰው ይመጣል፣ ወረቀት ይቀበላል፣ ይጥላል፣ ይሄዳል።

ስምንተኛው ደቂቃ ላይ አንድ ነገር አለ። አንድ ረጅም ሰው ተራው ደርሶ ወረቀቱን ይቀበላል፣ ገልብጦ ያየዋል፣ ይመልሰዋል። ወደ ካሜራው ዞሮ የሆነ ነገር ይናገራል። አይሰማም፣ ተናጋሪው እያወራ ነው። ከሰልፉ ይወጣል። የካኪ እጅጌ ያለው እጅ ትከሻውን ይይዘዋል። ከዚያ ተቆርጦ በሬዎች ይመጣሉ። ዞሮ ከሰልፉ እስኪወጣ አራት ሰከንድ ነው።

ምን ብሎ ይሆን?

አንዋር በጣም ወደደው። የካቲት ላይ በአዳራሹ ይታያል። ሁለት ገጽ ማብራሪያ እኔ እጽፋለሁ። ሰዎቹን የሚያውቅ ካለ ልፈልግ።

ሐሙስ፣ ጥር 8

ላፕቶፑን ቤት ይዤ ሄድኩ። እማ ሰባ አምስት ዓመቷ ነው። ያኔ ስምንት። ታውቅ ይሆናል ከማለት ሌላ ሐሳብ አልነበረኝም።

ጸሐፊው ብቅ ሲል "አቁሚው" አለች። አቆምኩት።

"አባዬ ነው።"

አያቴ ሙሀመድኑር። የወረዳው ገዥ ጸሐፊ እንደነበር ሲወራ ነው ያደግነው። የሞተው እማ ሃያ ሳይሞላት ነው። ፎቶ አንድም የለንም።

"እጁን እይ... ሲጽፍ ትንሿን ጣቱን እንዴት እንደሚያነሳት። ያረቢ! ሕያው ነው እኮ፣ ሳቢዬ።"

ስድስት ጊዜ አሳየኋት። ደሴ ላለው ወንድሟ፣ ለአጎቴ አብዱልጀባር ደወለች። አጎቴ አባቱ ሲሞት የሁለት ዓመት ልጅ ነበር፣ መልኩን አያስታውስም። ስልክ ላይ አለቀሰ። ፊልሙን ላክሁለት።

እኔ ምን ተሰማኝ? እንጃ። አገጩ የኔ ነው።

ረቡዕ፣ ጥር 14

ጨፋ ሮቢት ገበያ ነበር። በሚኒባስ ሄድኩ። አጠገቤ የተቀመጠው ሰውዬ ፍየል አቅፎ ነበር።

መስጊዱ ጎን ዛፍ ሥር ሽማግሌዎች አገኘሁ። "አከም ጅርቱ" ብዬ በኦሮምኛ ሰላምታ ሰጠሁ። "ነጋ፣ አልሀምዱሊላህ" ብለው ቦታ ለቀቁልኝ። ፊልሙን ከፈትኩ። በሬዎቹን አደነቁ። ማሽላውን ከዘንድሮው ጋር አወዳደሩ። ሰው ግን አላወቁም።

ስምንተኛው ደቂቃ ላይ ከዳር የተቀመጠው ሽማግሌ ብድግ አለ። ሰልማን ይባላል፣ ገበሬ ነው፣ ሰባ ስድስት ዓመቱ። ስክሪኑን በጣቱ ነካ።

"ኩን አባ ኮቲ" አለ። ለእኔ ደግሞ በአማርኛ፦ "አባቴ ነው። ዓብዱ። አረማመዱን እይ!"

ደገምኩለት። አራት ሰከንድ። እንደገና አራት ሰከንድ።

"ምንድን ነው የሚሉት?" አልኩት።

"'ድምፄን ሰጥቻለሁ' ነው ያለው። 'ሰጥቻለሁ፣ ባዶ ወረቀት አልጥልም።' እኔ እዚያው ነበርኩ፣ ማሽላው ውስጥ ሆኜ አያለሁ።"

"ለምን ባዶ?"

"ምርጫውማ አልፏል፣ ልጄ። ሰዉ መርጧል። አባቴም መርጧል። ፊልም የሚያነሱት ሰዎች የቦርከና ወንዝ ሞልቶባቸው ሦስት ቀን ዘግይተው ደረሱ። ሳጥኑ ወደ ደሴ ሄዷል። 'እንደገና ተሰለፉ' ተባለ። ከነጋዴ ሱቅ የሻይ ሳጥን መጣ፣ ጨርቅ አለበሱት። ሰዉ ምን ያድርግ? ተሰለፈ። አባቴ እውነተኛ ነገር መስሎት ነበር። ወረቀቱን ሲያየው ምንም የለበትም።"

"ከዚያስ?"

ለዙሁር አዛን ተባለ። "ሳምንት ነዪ" አለኝና ወደ መስጊዱ ገባ።

ሐሙስ፣ ጥር 15

ቀኑን ሙሉ እያቆምኩ እያስኬድኩ አየሁት። ሰባተኛው ደቂቃ ላይ ነፋስ ጨርቁን ያነሳዋል። ሳጥኑ ላይ በፈረንጅ ፊደል የታተመ ጽሑፍ አለ። ሻይ ይላል። ትንሽ ቆይቶ አንዲት ሴት ወረቀቷን ዘርግታ ታያለች። ከደብተር የተቀደደ ነው። መስመር ብቻ።

ሌላም አለ። ሰውዬው ከሰልፍ ሲወጣ ሁሉም ዞሮ ያየዋል። ጸሐፊው ብቻ ቀና አላለም። ይጽፋል።

ቅዳሜ፣ ጥር 17

እማ ጎረቤቶቿን ጠርታ ፊልሙን አሳየች። "እዚህ አገር ምርጫ ያስመረጠ አባቴ ነው" አለቻቸው። ሴቶቹ "ማሻአላህ" አሉ። ሻይ ቀዳሁ።

ሰኞ፣ ጥር 19

ለአንዋር ነገርኩት። እስክሪብቶውን ሲያዞር ቆየ።

"ውሸት ነው ልትይኝ ነው?"

"ምርጫው ውሸት አይደለም። ፊልሙ ነው ከምርጫው በኋላ የተነሳው።"

"ይህን ልዩነት አዳራሹ ውስጥ ማን ይሰማሻል? እንግዶች አሉ። አንዱ ተነስቶ 'ያኔም እንዲህ ነበር' ይላል፣ ከዚያ ስለ ዛሬ ይወራል። አስቢበት።"

ክፉ ሰው አይደለም። ድካም አለበት። አስቤበታለሁ አልኩ። አስቤበት ነበር?

ረቡዕ፣ ጥር 21

ሮቢት። ጋሽ ሰልማን ቤቱ ወሰደኝ። በረንዳ ላይ ተቀመጥን። የሚከተለው እሱ እንዳለው ነው፣ ስመለስ መኪና ውስጥ ነው የጻፍኩት።

አባቱን ከዚያው ከሜዳው ወሰዱት። "የመንግሥትን ሥራ አደናቀፈ" የሚል ደብዳቤ ተጻፈበት። አርባ ቀን ታሰረ። ሲወጣ ሳል ይዞት ነበር። ጥር ላይ ሞተ። ሰልማን ያኔ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበር።

"ሰው ምን አለ መሰለሽ? 'የምርጫ ወረቀት ሰርቆ ነው የታሰረው' አለ። ማን እንደጀመረው እንጃ። ልጅ ሆነን 'የሌባው ልጆች' ነበር የምንባለው። እህቴ ዓፊያ በዚሁ ወሬ ሁለት ጊዜ እጮኝነት ፈርሶባታል። አሁንም የሚያስታውሱ አሉ።"

ደብዳቤውን ማን ጻፈው ብዬ ጠየቅኩ። ለምን ጠየቅኩ? አውቀው ነበር።

"ጸሐፊው ነዋ፣ ሙሀመድኑር። ሌላ መጻፍ የሚችል ማን ነበር? እናቴ ረቢአም እሱው አቤቱታ እንዲጽፍላት ከሚሴ ቤቱ ድረስ ሄደች። እኔን ይዛ። ሦስት ጊዜ ሄድን። አንዲት ትንሽ ልጅ በር ትከፍትና 'አባዬ የለም' ትለናለች። እንመለሳለን።"

ያ ቤት ውስጥ ያኔ ሴት ልጅ አንድ ብቻ ነበረች።

"ጋሽ ሰልማን" አልኩ፣ "ሙሀመድኑር የእናቴ አባት ነው።"

አየኝ። ከጓሮ ጥጃ ይጮሃል። ተነስቼ ልሂድ ብዬ ቦርሳዬን ያዝኩ።

"ተቀመጪ" አለኝ። "አብሽሪ። አንቺ አልጻፍሽው።"

ተቀመጥኩ።

"አንድ ነገር ብቻ ነው የምፈልገው። ፊልሙ ሲታይ ስሙን ጥሩልኝ። ሌባ እንዳልነበር ተናገሩ። ሌላ ምንም አልፈልግም፣ ወላሂ።"

ዓርብ፣ ጥር 23

ለእማ ነገርኳት። ስለ ሻይ ሳጥኑ፣ ስለ ዓብዱ፣ ስለ ደብዳቤው። በሩ ላይ ስለነበረችው ልጅ አላነሳሁም።

"ገዥው አዝዞት ነው።"

"ሊሆን ይችላል።"

"ልጆች ነበሩት።"

"ዓብዱም ልጆች ነበሩት፣ እማ።"

ምሳ አልበላችም። ላፕቶፑን "ውሰጂልኝ" አለች።

እሑድ፣ ጥር 25

ልብስ እያጠፍኩ ነበር። ከኋላዬ መጣች።

"ሴትየዋ ልጅ ይዛ ነበር?"

ይህን አልነገርኳትም። ዞር ብዬ አየኋት።

"ነጠላዋን እንዲህ አጣፍታ" አለች፣ "ወንድ ልጅ በእጇ ይዛ። እኔ ነኝ በሩን የከፈትኩት።"

አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። እኔም ተቀመጥኩ።

"አባዬ ጓዳ ውስጥ ነበር። 'የለም በያት' አለኝ። አልኳት። በሌላ ቀን መጣች፣ የለም አልኳት። ሦስተኛው ቀን ላይ ጸጉሬን ዳበሰችኝ። 'ሲመጣ ንገሪው፣ እሺ የኔ ልጅ? የዓብዱ ሚስት መጥታ ነበር በይው' አለችኝ። እሺ አልኳት።"

"ነገርሽው?"

"ምን እነግረዋለሁ? እየሰማ ነበር እኮ።"

ቀሪውን ልብስ አብረን አጠፍን። ከዚያ፦ "ልጁ በሕይወት አለ?"

አለ አልኳት።

ረቡዕ፣ ጥር 28

እማ ሮቢት ሄደች። ማለቴ አብረን ሄድን። ጉልበቷ አይችልም ብዬ ነበር። "ይችላል" አለች። ሚኒባሱ ውስጥ ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ ነበር።

ጋሽ ሰልማን በር ላይ ተቀበለን። ማን እንደሆነች ነገርኩት። ምንጣፍ አስነጠፈ፣ ውሃ አስመጣ። ሰላምታው ረዘመ። ስለ ጤና፣ ስለ ከብት፣ ስለ ዝናብ... አያልቅ መሰለኝ። ከዚያ እማ መቁጠሪያዋን ጭኗ ላይ አስቀመጠች።

"ያን ጊዜ አባቴ ቤት ነበር" አለች። "ሦስቱንም ቀን። የለም ያልኳችሁ እኔ ነኝ።"

ጋሽ ሰልማን መሬት መሬት አየ።

"አውቃለሁ" አለ። "ጫማው በር ላይ ነበር።"

እማ አፏን በነጠላዋ ያዘች።

"ያኔ ከሚሴ ላይ ጫማ ስንት ሰው ነበረው? ሰልፉ ላይ አይቼዋለሁ፣ የጸሐፊው ጫማ ነው። እናቴ ወደ ታች አላየችም። እኔ አየሁት። አልነገርኳትም።"

"ለምን?" ያልኩት እኔ ነኝ። ማስታወሻ መያዝ እንጂ መናገር አልነበረብኝም።

"እንዳትለምን ብዬ። ብነግራት እዚያው ደጃፉ ላይ ቁጭ ትል ነበር። ስትለምን ማየት አስጠላኝ። ስንመለስ መንገዱን ሙሉ ዝም አልኩ። አባቴ ከሞተ በኋላ ማሰብ ጀመርኩ። ብነግራትስ ኖሮ? ቁጭ ብትልበት አፍሮ ይጽፍልን አልነበር? ቶሎ ይፈቱት አልነበር? ለሚስቴም ነግሬያት አላውቅም።"

እማ መቁጠሪያዋን መልሳ አነሳች።

ከዚያ፦ "ዘጠኝ ዓመትዎ ነበር።"

"እርስዎስ?"

"ስምንት።"

እማ ማልቀስ ጀመረች፣ ድምፅ የለውም። ጋሽ ሰልማን የውሃውን ኩባያ አንስቶ ሰጣት። ይዛው ቆየች፣ አልጠጣችም። ከዚያ ጠጣች።

ምሳ በልተን ወጣን። መኪና ድረስ በእግሩ ሸኘን። ለእማ ቀስ እያለ ነበር የሚራመደው።

ሰኞ፣ የካቲት 3

ማብራሪያውን ለአንዋር ሰጠሁት። ገጽ ተኩል ነው። ምርጫው መቼ እንደተደረገ፣ ፊልሙ ለምን ዘግይቶ እንደተነሳ፣ ሳጥኑ፣ ወረቀቱ፣ ዓብዱ፣ ደብዳቤው። ደብዳቤውን የጻፈው ማን እንደሆነ በስም። ገዥው እንዳዘዘው በጽሑፍ ማስረጃ ስለሌለኝ አልጻፍኩም።

ሁለት ጊዜ አነበበው። "ሙሀመድኑር ያንቺ አያት አይደለም እንዴ?"

"ነው።"

"ስሙን ልትተዪው ትችያለሽ። 'ጸሐፊው' ብለሽ ብቻ..."

"የዓብዱን ስም ጽፌ?"

መስኮቱን አየ። "እሺ። አንቺው ታነቢዋለሽ። ጥያቄ ከመጣም አንቺው ትመልሻለሽ" አለ። ፈረመ።

ምሳ ሰዓት ላይ አጎቴ አብዱልጀባር ደወለ። እማ ነግራዋለች። "አባቴን ያየሁት በስንት ዘመኔ ነው? አንድ ወር አልሞላኝም። አንድ ወር እንኳን አባት እንዲኖረኝ አልፈቀድሽም?" አለኝ።

እውነቱን ነው። ስልኩን ዘጋው።

ማብራሪያውን እንደገና አነበብኩት። ልቀይረው ነበር? ለአንድ ሰዓት ያህል አዎ። ከዚያ አተምኩት።

ቅዳሜ፣ የካቲት 8

ፊልሙ ታየ። አዳራሹ ሞላ፣ መቶ ሃያ ሰው ይሆናል። ማይኩ መጀመሪያ ላይ አስቸገረ። ጋሽ ሰልማን ከልጆቹና ከልጅ ልጆቹ ጋር ሁለተኛው ረድፍ ላይ። እማ ከእህቱ ከዓፊያ አጠገብ፣ ማን እንዳስቀመጣቸው አላየሁም።

መጀመሪያ አነበብኩ። የአያቴ ስም ላይ ስደርስ ቆም አልኩ። ውሃ ጠጥቼ ቀጠልኩ። "ዓብዱ ሌባ አልነበረም። ድምፁን ከሰጠ በኋላ ባዶ ወረቀት አልጥልም ብሎ ነው የታሰረው።" ከዚያ መብራቱን አጠፉ፣ ፊልሙ ጀመረ። ስምንተኛው ደቂቃ ላይ ሰውዬው ሲዞር ተናጋሪው "በታላቅ ደስታ" እያለ ነበር። ከኋላ አንድ ሰው "ዓብዱ!" ብሎ ጮኸ። ሌላ ሰው ደገመው። የሮቢት ሰዎች ናቸው።

እንደተፈራው አንድ እንግዳ ተነሳ። "ታዲያ ይሄ ፊልም ውሸት ከሆነ ለምን እናስቀምጠዋለን?"

አራት ሰከንዱ እውነት ነው አልኩት። ሌላ የሚሻል መልስ ነበር ይሆናል። ያኔ አልመጣልኝም።

ጋሽ ሰልማን ሲወጣ እጄን ያዘ። "ጀዛኪላህ" ብሎ አመሰገነኝ። አንዋር ወንበር ሲያነሳ ነበር፣ አብሬው አነሳሁ።

ረቡዕ፣ የካቲት 26

የረመዳን አምስተኛ ቀን። ሙቀቱ ጀምሯል። ከሰዓት በኋላ ቢሮ ውስጥ ዓይን አይከፈትም።

የፊልሙን የመዝገብ ቅጽ ዛሬ ጨረስኩ። መጨረሻው ላይ "መዝጋቢው ከባለጉዳዩ ጋር ዝምድና ካለው ይግለጽ" የሚል መስመር አለ። አስራ ዘጠኝ ዓመት ሠርቼ ያን መስመር ሞልቼው አላውቅም፣ አስፈልጎኝም አያውቅም። "የጸሐፊው የሙሀመድኑር የልጅ ልጅ ነኝ" ብዬ ጻፍኩ።

በሰልፉ ውስጥ እስካሁን ሃያ ሦስት ሰው በስም ታውቋል። ገበያ ቀን ከሮቢት የሚመጡ ሰዎች ቢሮ እየገቡ "እስኪ ያቺን ሴትዮ አሳዪኝ" ይሉኛል። አንዋር ሌላ ኮምፒውተር ይመጣልሻል ብሏል። ኢንሻአላህ።

አጎቴ አሁንም አይደውልም። ለረመዳን መልእክት ላክሁለት። አንብቦታል፣ አልመለሰም። እንደገና እልካለሁ።

እማ ከትናንት ጀምሮ ሮቢት ናት። ዓፊያ ናት "እኛ ጋ አፍጥሪ" ብላ የወሰደቻት። ዛሬ ትመለሳለች ብዬ ሾርባ ሠራሁ። መግሪብ ሊል ሲል ደወለች።

"አትጠብቂኝ፣ እዚሁ አድራለሁ። ጉልበቴ ደህና ነው።"

ከኋላዋ ሰዎች ያወራሉ፣ ግማሹ በኦሮምኛ። ጋሽ ሰልማን የሆነ ነገር አለ፣ አልሰማሁትም። እማ ስልኩን ሳትዘጋ ሳቀች። እንዲህ ስትስቅ የሰማሁት መቼ ነው?

አዛን ተባለ። በቴምር አፈጠርኩ። ሾርባው የሁለት ሰው ነበር። ብቻዬን ጨረስኩት።